«ሲሻገር ምልክቱ ይቀየራል» ከማለታችን በፊት፦ ቀላል ኢኩዌሽን ለልጅ የማስረዳት መመሪያ

ልጃችሁን ወይም ታናሽ ወንድማችሁን ጠርታችሁ ይህን ወረቀት ላይ ጻፉለት።

8 + 4 = ___ + 5

ባዶው ቦታ ላይ ምን ይገባል? 12 ብሎ ከጻፈ አትቆጡት። 17 ካለም እንደዚያው። ትክክለኛው መልስ 7 ነው። በግራ በኩል 12 አለ፤ በቀኝም 12 እንዲሆን ከ5 ጋር 7 ያስፈልጋል። 12 ያለው ልጅ ግራውን ብቻ ደምሮ አቁሟል። 17 ያለው ደግሞ ያየውን ቁጥር ሁሉ ደምሯል። አሜሪካ ውስጥ ይህንኑ ጥያቄ ለ6ኛ ክፍል ተማሪዎች ሰጥተው ያጠኑ ተመራማሪዎች ያገኙትም እነዚህኑ ሁለት ስህተቶች ነው። ስለዚህ ነገሩ እኔ የማስጠናቸው የሐዋሳ ልጆች ድክመት አይደለም።

ጣጣው ያለው እኩል ይሆናል ምልክቱ ላይ ነው። ልጆች ከ1ኛ ክፍል ጀምሮ 3 + 2 = ሲባሉ ኖረዋል። ምልክቱ ለእነሱ «በል መልሱን ጻፍ» የሚል ትዕዛዝ ሆኗል። አልጀብራ ላይ ግን ያው ምልክት የሚለው ሌላ ነው፦ የግራውና የቀኙ ዋጋ አንድ ነው። ኢኩዌሽን የሚባለውም ይኸው ሁለቱ ወገኖች እኩል ናቸው የሚል ጽሑፍ ነው። ምልክቱን እ.ኤ.አ. በ1557 ለመጀመሪያ ጊዜ በመጽሐፍ የተጠቀመበት የዌልሱ ሰው ሮበርት ሬኮርድ ነው። ሁለት ትይዩ መስመሮችን የመረጠው ከእነሱ የበለጠ እኩል የሆነ ነገር የለም ብሎ ነው። ልጁ ይህን ሐሳብ ሳይጨብጥ ወደ ኤክስ ከሄደ፣ ከዚያ በኋላ የሚማረው ሁሉ ሽምደዳ ይሆንበታል።

እዚህ ሐዋሳ ከ7ኛና ከ8ኛ ክፍል ልጆች ጋር ለማስጠናት ስቀመጥ መጀመሪያ የምሰጣቸው ይህችን ጥያቄ ነው። እንዴት እንደመለሱ ሳይ ከየት እንደምጀምር አውቃለሁ። እናንተም ቤት ውስጥ ከዚሁ ጀምሩ። 7 + 6 = ___ + 4፣ ከዚያ ደግሞ 15 = ___ + 9 ስጧቸው። ሁለተኛው ላይ «ተገልብጧል» የሚል ልጅ ካለ፣ ያልተገለበጠ መሆኑን እስኪያምን ድረስ ቆዩበት።

መቼ ነው የሚጀምሩት?

ወላጆች ደጋግመው የሚጠይቁት ነው። «ልጄ ገና 5ኛ ክፍል ነው፣ አልጀብራ አይከብደውም?»

በእኛ ሥርዓተ ትምህርት ልጆች በቁጥር ቦታ ፊደል ማየት የሚጀምሩት 5ኛና 6ኛ ክፍል አካባቢ ነው። 7ኛና 8ኛ ላይ ቅንፍ፣ ክፍልፋይና የቃል ጥያቄ ይጨመራል። የ8ኛ ክፍል ሚኒስትሪ የሚወስድ ልጅ ይህን ሳይችል መግባት የለበትም። 9ኛ ላይ ደግሞ ሁለት ተለዋዋጭ፣ ማለትም ሁለት በፊደል የተጻፉ ያልታወቁ ቁጥሮች፣ ያላቸውና ካሬ ያለባቸው ኢኩዌሽኖች ይመጣሉ። ሌላ አገርም ቢሆን ከዚህ ብዙ አይርቅም። በአሜሪካ ብዙ ግዛቶች በሚከተሉት መስፈርት በአንድ እርምጃ የሚፈቱት በ6ኛ፣ በሁለት እርምጃ የሚፈቱት በ7ኛ፣ ተለዋዋጩ በሁለቱም ወገን ያለባቸው በ8ኛ ክፍል ይሰጣሉ።

እኔ ግን ከክፍሉ ይልቅ ሦስት ነገሮችን አያለሁ። ልጁ የማባዛት ሠንጠረዡን ሳይንተባተብ ይላል? −3 + 8 እና −3 − 8ን ይለያል? የ12ን ሲሶ ስንት ነው ሲባል ይመልሳል? አንዱ ከጎደለ መጀመሪያ እሱን ሙሉ። ብዙ ልጆች «አልጀብራ አልገባኝም» የሚሉት የኔጌቲቭ ቁጥር ነገር ስላልገባቸው ነው። አልጀብራውን መቶ ጊዜ ብታስረዱት ያንን ቀዳዳ አይደፍነውም።

አንድ ነገር ልጨምር። ትምህርት ቤታችሁ አሁን በየትኛውም ቋንቋ ያስተምር፣ 9ኛ ክፍል ላይ ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ይሆናል። ስለዚህ ኢኩዌሽን፣ ቫሪያብል፣ ሶልቭ፣ ሲምፕሊፋይ፣ ሶሉሽን ሴት የሚሉትን ቃላት እያስለመዳችሁ ሂዱ። ሐሳቡን ግን ልጁ በሚያስብበት ቋንቋ አስረዱት። በአማርኛም ይሁን በሲዳምኛ የገባው ነገር እንግሊዝኛው ሲመጣ አይጠፋበትም።

የመጀመሪያው እርምጃ፦ አንድ ነገር ብቻ መፍታት

መጽሐፉ ኤክስ የሚለውን እኔ እዚህ «ሀ» እያልኩ እጽፋለሁ። የትኛውም ፊደል ያው ነው፤ ገና ያላወቅነው ቁጥር ማለት ነው።

ሀ + 7 = 15

ገበያ ላይ ባለ ሁለት ሳህን ሚዛን ያየ ልጅ ይህን ለመረዳት አይቸገርም። ሁለቱ ሳህኖች እኩል ቆመዋል። ከአንዱ 7 ካነሳችሁ ሚዛኑ ያጋድላል፤ ከሌላውም 7 ካነሳችሁ ተመልሶ ይስተካከላል። እንግዲህ ያለው ሕግ አንድ ብቻ ነው፦ በአንዱ ወገን ያደረጋችሁትን በሌላውም አድርጉ።

ሀ + 7 − 7 = 15 − 7
ሀ = 8

መሃል ላይ ያለችውን መስመር ልጁ እንዲዘል አትፍቀዱ። ቢያንስ መጀመሪያ ላይ። ብዙ ጊዜ ግን እንዲህ የሚል መልስ ይመጣል፦ «ጋሼ፣ ቲቸር እኮ 7 ወዲያ ሲሻገር ይቀነሳል ነው ያሉን።» መምህሩ አልተሳሳቱም። ያሉት የዚችኑ መስመር አቋራጭ ነው። አቋራጭ መንገድ ግን ዋናውን መንገድ ለሚያውቅ ነው የሚጠቅመው። ለማያውቀው ምን እንደሚያደርገው እነሆ፦

3ሀ = 12
ሀ = 12 − 3
ሀ = 9

በጣም ብዙ ደብተር ላይ የምታገኙት ስህተት ነው። ልጁ ሕጉን አክብሯል፦ 3 ተሻገረ፣ ምልክቱ ተቀየረ። ነገር ግን 3 ከሀ ጋር የተባዛ እንጂ የተደመረ አይደለም። «ሲሻገር ይቀየራል» የሚለው አባባል ስለ መደመርና መቀነስ ብቻ ያወራል፤ ስለ ማባዛት ምንም አይነግረውም። «በሁለቱም ወገን ምን ላድርግ?» ብሎ የለመደ ልጅ ግን 3 ጊዜ የተባዛውን ሀ ብቻውን ለማስቀረት ሁለቱንም ወገን ለ3 ያካፍላል።

3ሀ ÷ 3 = 12 ÷ 3
ሀ = 4

በ9ኛው ክፍለ ዘመን ባግዳድ ውስጥ የአልጀብራን አሠራር በሥርዓት የጻፈው አል ኸዋሪዝሚም የሚያዘው ይህንኑ ነው። የተቀነሰ ነገር ካለ በሁለቱም በኩል ደምረህ ሙላው፣ በሁለቱም በኩል ያለውን ተመሳሳይ ነገር ከሁለቱም አንሳ ይላል። ፊደልም ምልክትም አልነበረውም፤ ሁሉን በቃላት ነበር የሚጽፈው። መሻገር የምንለው ነገር ከዚህ አሠራር በኋላ የመጣ ማሳጠሪያ ነው።

ለልምምድ አራቱንም ዓይነት ስጡ፦ ሀ + 9 = 14፣ ሀ − 6 = 11፣ 5ሀ = 35፣ ሀ/4 = 3። መልሶቹ 5፣ 17፣ 7 እና 12 ናቸው። መልሱን ከማየታችሁ በፊት «በሁለቱም ወገን ምን አደረግህ?» ብላችሁ ጠይቁ። በአፉ ሲናገረው ነው የሚታየው።

ሁለተኛው እርምጃ፦ ሁለት ነገር ሲኖር ከየቱ እንጀምር?

3ሀ + 5 = 20

ልጁ ሀ ላይ ምን እንደደረሰበት በቅደም ተከተል ያውራ። መጀመሪያ በ3 ተባዛ፣ ከዚያ 5 ተደመረበት፣ 20 ሆነ። ስንፈታ መጨረሻ ላይ ከደረሰበት እንጀምራለን። 5ን ከሁለቱም ቀንሱ፣ 3ሀ = 15 ይሆናል። ከዚያ ሁለቱንም ለ3 አካፍሉ፣ ሀ = 5።

አንዳንድ ልጅ «መጀመሪያ ባካፍልስ?» ይላል። ጥሩ ጥያቄ ነውና አታዳፍኑት። ማካፈል ይችላል፤ ግን 5ቱም ለ3 መካፈል አለበት። ሀ + 5/3 = 20/3 ይመጣል፤ መልሱ ያው 5 ነው፣ መንገዱ ግን በክፍልፋይ የተሞላ ነው። ብዙ ጊዜ የሚሳሳቱት ግራ ካለው 3ሀ ብቻ አካፍለው 5ቱን እንዳለ ሲተዉት ነው። መጀመሪያ መደመርና መቀነሱን ጨርሱ የሚባለው ሥራ ስለሚያቀል ነው፤ ሌላው ክልክል ስለሆነ አይደለም።

እዚህ ላይ አጻጻፍን አጥብቃችሁ ያዙ። እንዲህ የሚጽፍ ልጅ አለ፦

3ሀ + 5 = 20 − 5 = 15 ÷ 3 = 5

መልሱ ልክ ነው፣ ጽሑፉ ግን 20 − 5 ከ5 ጋር እኩል ነው እያለ ነው። ይህ ያው የመጀመሪያው በሽታ ነው፤ እኩል ይሆናል ምልክቱን «ቀጥል» ማለት አድርጎታል። በእያንዳንዱ መስመር አንድ እኩል ይሆናል ብቻ ይጻፍ፣ የታችኛውም ምልክት ከላይኛው ሥር ትክክል ይዋል። ደብተሩ ወረቀት ቢጨርስም ይጨርስ።

ኔጌቲቭ ሲመጣ ደግሞ ቀስ በሉ።

7 − 2ሀ = 13

ከሁለቱም 7 ስንቀንስ −2ሀ = 6 ይቀራል። ልጆች የመቀነስ ምልክቷን እዚህ ጋ ይጥሏታል፤ 7 ሲሄድ ይዟት የሄደ ይመስላቸዋል። ምልክቷ ግን የ2ሀ ናት፣ ከፊቱ ናት። ለ−2 ስናካፍል ሀ = −3። እንዲሁም −ሀ = 4 ላይ ደርሶ «ጨረስኩ» የሚል ልጅ አልጨረሰም። የሚፈለገው ሀ ነው፤ ሁለቱንም በ−1 ማባዛት ይቀራል፣ ሀ = −4።

ማረጋገጥ

ይህን መጨረሻ ላይ አልተውኩትም፤ ከአሁን ጀምሮ በእያንዳንዱ ጥያቄ ላይ ይግባ። ያገኘኸውን ቁጥር መጀመሪያ በተሰጠው ጥያቄ ላይ ተካው። ለ7 − 2ሀ = 13፦ 7 − 2(−3) = 7 + 6 = 13። ልክ ነው።

አልጀብራ ከሌላው ትምህርት የሚለይበት መልካም ነገር ይህ ይመስለኛል። ልጁ ልክ መሆኑን ለማወቅ መምህር አያስፈልገውም፤ የመልስ ወረቀትም አያስፈልገውም። ወላጅም ሒሳብ አላውቅም ብሎ መሸሽ የለበትም። «ተክተህ አሳየኝ» ማለት ብቻ ይበቃል። ሁለቱ ወገኖች እኩል ካልመጡ አንድ ቦታ ስህተት አለ ማለት ነውና ራሱ ተመልሶ ይፈልገው።

ሦስተኛው እርምጃ፦ ሀ በሁለቱም ወገን ሲሆን

ሁለት እህትማማቾች ገንዘብ ይቆጥባሉ እንበል። ታላቋ 300 ብር አላት፣ በየሳምንቱ 50 ትጨምራለች። ታናሿ ያላት 60 ብር ብቻ ነው፣ ግን በየሳምንቱ 90 ትጨምራለች። ከስንት ሳምንት በኋላ እኩል ይኖራቸዋል?

300 + 50ሀ = 60 + 90ሀ

ዘዴው አዲስ አይደለም። ሀ ያለባቸውን ወደ አንድ ወገን፣ ቁጥሮቹን ወደ ሌላው እንሰበስባለን። ከሁለቱም 50ሀ ቀንሱ፦ 300 = 60 + 40ሀ። ከሁለቱም 60 ቀንሱ፦ 240 = 40ሀ። ሀ = 6። ስናረጋግጥ ታላቋ 300 + 300 = 600፣ ታናሿ 60 + 540 = 600።

ትንሹን ሀ ማንሳት ይሻላል፤ ኔጌቲቭ አይመጣባችሁም። ሀ በቀኝ ቢቀርም አትጨነቁ፤ 240 = 40ሀ እና 40ሀ = 240 አንድ ናቸው። መግቢያው ላይ 15 = ___ + 9ን «ተገልብጧል» ያለው ልጅ ግን እዚህ ጋ ይቆማል።

አራተኛው እርምጃ፦ ቅንፍ

10 − 2(ሀ − 3) = 4

እዚህ ሁለት ወጥመድ አለ። አንደኛው 10 − 2ን ቀድሞ ሠርቶ 8(ሀ − 3) = 4 ማለት ነው። 2 ከቅንፉ ጋር ተባዝቷል፤ ማባዛት ይቀድማል። ሁለተኛው ቅንፉን ሲፈቱ −2ን ከ−3 ጋር አባዝቶ −6 ማለት ነው። +6 ነው።

10 − 2ሀ + 6 = 4
16 − 2ሀ = 4
−2ሀ = −12
ሀ = 6

ማረጋገጫው የሚያስፈልገው እዚህ ነው። በመጀመሪያው ወጥመድ የወደቀ ልጅ 3.5 ያገኛል፤ ሲተካው 10 − 2(0.5) = 9 ይሆንበታል። በሁለተኛው የወደቀው 0 ያገኛል፤ ሲተካው 16 ይመጣል። ሁለቱም 4 አይደሉም። ማንም ሳይነግራቸው ያውቁታል።

አምስተኛው እርምጃ፦ ክፍልፋይ

ክፍልፋይ ሲያዩ የሚደነግጡ ልጆች አሉ፤ ግን ማጥፋት ይቻላል። ሁለቱንም ወገን በታህቶቹ ትንሹ የጋራ ብዜት ማባዛት ነው።

ሀ/2 + ሀ/3 = 10

የ2 እና የ3 ትንሹ የጋራ ብዜት 6 ነው። እያንዳንዱን በ6 አባዙ፦ 3ሀ + 2ሀ = 60። 5ሀ = 60፣ ሀ = 12። የዘወትሩ ስህተት በቀኝ ያለውን 10 ማባዛት መርሳት ነው። ያኔ 5ሀ = 10 ብለው 2 ያገኛሉ፤ 2 ሲተካ ግራው ከ2 እንኳ አይበልጥም። ክፍልፋይ የሌለበት ወገንም መባዛት አለበት።

መልሱን በግምት የሚፈልግ ልጅ ካላችሁ ይህችን ንገሩት። ከክርስቶስ ልደት በፊት 1550 አካባቢ አሕሞስ የሚባል ግብፃዊ ጸሐፊ በፓፒረስ ላይ ከተዋቸው ጥያቄዎች አንዱ ይህ ነው፦ አንድ መጠንና የራሱ አንድ ሰባተኛ ሲደመሩ 19 ይሆናሉ። መጠኑ ስንት ነው? አሕሞስ 7 ነው ብሎ ጀመረ። 7 እና የ7 አንድ ሰባተኛ 8 ይሆናሉ። የሚፈለገው ግን 19 ነው። ስለዚህ 8 በስንት ቢባዛ 19 እንደሚሆን ፈልጎ 7ን በዚያው አባዛው። በእኛ ዘዴ ደግሞ ሀ + ሀ/7 = 19ን በ7 አባዝተን 8ሀ = 133፣ ሀ = 16 ከ5/8 እናገኛለን። ሁለቱም አንድ ናቸው። የአሕሞስ መንገድ ግን የሚያዋጣው ሀ የሌለበት ቁጥር ከግራው ጋር ካልተደመረ ብቻ ነው። ሀ + ሀ/7 + 2 = 19 ቢሆን በዚያ መልክ አይሠራም።

ሁለት እንግዳ መልሶች

2ሀ + 3 = 2ሀ + 8 ሲፈታ 3 = 8 ይመጣል። ሐሰት ነው፤ መፍትሔ የለውም። 2(ሀ + 1) = 2ሀ + 2 ሲፈታ ደግሞ 2 = 2 ይመጣል፤ ማንኛውም ቁጥር መልስ ነው ማለት ነው። ልጆች ሀ ሲጠፋባቸው ተሳስተናል ብለው ይሰርዙታል። አይሰርዙ።

የእኛ መጻሕፍትና ፈተናዎች የመፍትሔውን ስብስብ ስለሚጠይቁ ደግሞ ጥያቄው የትኛውን የቁጥር ስብስብ እንደሚል በደንብ ይነበብ። 2ሀ + 1 = 8 መልሱ 3.5 ነው። በመቁጠሪያ ቁጥሮች ውስጥ ፍቱ ከተባለ ግን መልሱ ባዶ ስብስብ ነው። ስሌቱን በትክክል ሠርተው ይህን ባለማንበብ ማርክ የሚጥሉ ጎበዝ ልጆች ያሳዝኑኛል።

የቃል ጥያቄ

ብዙው ትግል ያለው እዚህ ነው። መፍታቱን የሚችለው ልጅ ጥያቄው በዓረፍተ ነገር ሲመጣ ቁጥሮቹን ለቅሞ በመሰለው ምልክት ያገናኛቸዋል። መድኃኒቱ አንድ መስመር ነው። ከምንም ነገር በፊት ደብተሩ ላይ «ሀ ማለት ...» ብሎ ይጻፍ፣ ከነመለኪያው። «ሀ ማለት ዓሣ» ተብሎ አይጻፍም፤ ዓሣ ቁጥር አይደለም። «ሀ ማለት የአንድ ዓሣ ዋጋ በብር» ይባላል።

አሞራ ገደል የዓሣ ገበያ ሄዳችሁ አራት ቆሮሶ ገዛችሁ እንበል። ለሚያጸዳላችሁ ልጅ 60 ብር ከፈላችሁ። በጠቅላላው 500 ብር ወጣ። አንዱ ዓሣ ስንት ነው? አራቱ ዓሣ 4ሀ፣ ማጽጃው 60።

4ሀ + 60 = 500
4ሀ = 440
ሀ = 110

እዚህ ላይ ልጁ ኢኩዌሽን ሳይጽፍ በቃሉ ሊመልስ ይችላል። «60 ቀንሼ ለ4 አካፈልኩ» ይላችኋል። አመስግኑት፤ ከዚያ በጭንቅላቱ የሠራውን መስመር በመስመር ከጽሑፉ ጋር አገናኙለት። ኢኩዌሽን ያንኑ የሚያውቀውን ነገር መጻፊያ መሆኑን የሚያይበት ጥሩ አጋጣሚ ነው። ቀጥሎ ደግሞ በቃል የማይያዝ ስጡት፦

እናት 38 ዓመቷ ነው፣ ልጇ 12። ከስንት ዓመት በኋላ የእናት ዕድሜ የልጇ እጥፍ ይሆናል?

ሀ ማለት የሚያልፉት ዓመታት ቁጥር። ያኔ እናት 38 + ሀ፣ ልጅ 12 + ሀ ይሆናሉ። ጊዜው ለሁለቱም እኩል ስለሚያልፍ ሀ ሁለቱም ጋ ይደመራል። ብዙ ልጅ ለአንዱ ብቻ ይደምራል።

38 + ሀ = 2(12 + ሀ)
38 + ሀ = 24 + 2ሀ
14 = ሀ

እናት 52፣ ልጅ 26። ማረጋገጫው የሚሠራው ኢኩዌሽኑ ላይ ብቻ ሳይሆን ታሪኩ ላይ ነው። የቃል ጥያቄ ላይ ሁልጊዜ ወደ ታሪኩ ይመለሱ፤ ኢኩዌሽኑ ራሱ ተሳስቶ ከተጻፈ እሱ ላይ መተካት አይጠቅምም።

የመንገድ ጥያቄም አይቀርም። ከሐዋሳ አዲስ አበባ 275 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ለስሌቱ 275 እንያዝ። አንድ መኪና ከሐዋሳ በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር፣ ሌላው ከአዲስ አበባ በሰዓት 50 ኪሎ ሜትር እየሄዱ በተመሳሳይ ሰዓት ተነሡ። መቼ ይገናኛሉ? ሀ ማለት እስኪገናኙ የሚፈጀው ሰዓት። አንዱ 60ሀ፣ ሌላው 50ሀ ይጓዛል፤ ሲገናኙ ሁለቱ ተደምረው መንገዱን ሁሉ ሸፍነዋል።

60ሀ + 50ሀ = 275
110ሀ = 275
ሀ = 2.5

ከሁለት ሰዓት ተኩል በኋላ። ከሐዋሳ የተነሣው 150፣ ከአዲስ አበባ የተነሣው 125 ኪሎ ሜትር ተጉዟል፤ ድምሩ 275። ልጁ 2.5ን «2 ሰዓት ከ5 ደቂቃ» እንዳይል ብቻ ተጠንቀቁ።

ከዓረፍተ ነገር ወደ ምልክት ሲሄዱ «ከ» የት እንደገባች ይይ። «ከአንድ ቁጥር 5 ሲቀነስ» ሀ − 5 ነው። «አንድ ቁጥር ከ5 ሲቀነስ» 5 − ሀ ነው። ቁጥሮቹ ያው ናቸው፣ መልሱ ግን ሌላ። «ታላቁ ከታናሹ በ4 ዓመት ይበልጣል» ሲባልም ታናሹ ላይ 4 ሲደመር ነው ታላቁ የሚገኘው። «ይበልጣል» የሚለውን ቃል አይተው ታላቁ ላይ 4 የሚደምሩ ልጆች አሉ። እንዲህ ያለ ሲገጥማችሁ እውነተኛ ቁጥር አስገቡ፦ «ታናሹ 10 ቢሆን ታላቁ ስንት ነው?» 14 ይላችኋል። «ምን አደረግህ?» 4 ደመርኩ። «በማን ላይ?» ያን ጊዜ ይገባዋል።

ማታ ማታ ምን ያህል?

ብዙ አያስፈልግም። አምስት ጥያቄ ከነማረጋገጫው ከሃያ ጥያቄ ያለ ማረጋገጫ ይሻላል። ልጁ ሲሳሳት እርሳሱን ቀምታችሁ አትሥሩለት። የተሳሳተበት መስመር ላይ እስኪደርስ ከላይ ጀምሮ ጮክ ብሎ ያንብብ። አብዛኛውን ጊዜ ሲያነብ ራሱ «ውይ!» ይላል። አቋራጩን፣ ያንን «ሲሻገር ይቀየራል» የሚሉትን፣ ረጅሙን መስመር ሳይሳሳት መጻፍ ከለመደ በኋላ ይጠቀምበት። ፈተና ላይ ጊዜ ይቆጥባል።

ለመጀመሪያዎቹ ማታዎች እነዚህን ስጡ፦

ሀ + 17 = 5
4ሀ − 9 = 15
9 − 3ሀ = 21
5ሀ + 3 = 2ሀ + 24
6 − (ሀ − 4) = 3
3(ሀ − 2) = 2(ሀ + 5)
ሀ/3 + ሀ/4 = 14
የሦስት ተከታታይ ቁጥሮች ድምር 72 ነው፤ ቁጥሮቹ እነማን ናቸው?

አምስተኛው ላይ ከቅንፉ በፊት ያለችው የመቀነስ ምልክት −4ን ወደ +4 እንደምትቀይር አስታውሷቸው። ስምንተኛው ላይ የመጀመሪያውን ሀ ካሉት ተከታዮቹ ሀ + 1 እና ሀ + 2 ናቸው። መልሶቹ በቅደም ተከተል −12፣ 6፣ −4፣ 7፣ 7፣ 16፣ 24፣ የመጨረሻው ደግሞ 23፣ 24 እና 25 ናቸው። ልጁ መልሱን ከዚህ ከማየቱ በፊት ግን ተክቶ ያሳያችሁ።